ፍርድ ቤት ያዘዘውን መሥሪያ ቤቱ አልፈጽምም ሲላችሁ፦ ደረጃ በደረጃ ምን ታደርጋላችሁ?

«ፍርድ ቤት ወስኖልኛል። መሥሪያ ቤቱ ግን አልፈጽምም አለኝ። ምን ላድርግ?»

ይህን ጥያቄ በሳምንት ሁለት ሦስቴ እሰማዋለሁ። አንዳንዱ ልደታ ፍርድ ቤት በር ላይ ያስቆመኛል፣ አንዳንዱ ወረዳ ሰልፍ ላይ ሆኖ ይደውላል። መጨረሻ ላይ ሁሉም የሚጨምሯት አንዲት ነገር አለች፦ «ይሄ ችሎት መድፈር አይደለም እንዴ? ለምን አይታሰሩም?»

ሊታሰሩ ይችላሉ። ዳኛው ግን ማንንም ከመቅጣቱ በፊት ትዕዛዙ ለማን እንደደረሰ፣ መቼ እንደደረሰና ለዚህ ምን ማስረጃ እንዳላችሁ ይጠይቃል። ሙሉ መብት ይዞ የመጣ ሰው ይህን መመለስ አቅቶት በተለዋጭ ቀጠሮ ሲመለስ ስንቴ አይቻለሁ። ከዚህ በታች ያለው መንገድ በሙሉ የተሠራው ለእነዚህ ጥያቄዎች መልስ ይዛችሁ እንድትቀርቡ ነው።

መመሪያው የፍትሐ ብሔር ውሳኔ ላላችሁ ነው። ዋስትና ተፈቅዶለት ያልተለቀቀ ሰው ካላችሁ ግን ይህን ሁሉ ዝለሉና ወደ ታች «የታሰረ ሰው ከሆነ» ወደሚለው ሂዱ። ለእናንተ ሰዓት ነው የሚቆጠረው።

የሚያስፈልጓችሁ ነገሮች

- የውሳኔው ወይም የትዕዛዙ ትክክለኛ ግልባጭ። በእያንዳንዱ ገጽ ላይ ማህተም መኖሩን እዚያው መስኮቱ ጋ ቆማችሁ እዩ።
- ፍርድ ቤቱ ለመሥሪያ ቤቱ የጻፈው ደብዳቤ፣ ካለ። ወጪ ቁጥርና ቀን ይኑረው።
- የሁሉም ቢያንስ አራት ፎቶ ኮፒ።
- መታወቂያ። በሌላ ሰው ስም የምትሄዱ ከሆነ በውልና ማስረጃ የተረጋገጠ ውክልና።
- አንድ ክላሰርና አንድ ትንሽ ደብተር። ደብተሩን አትናቁት፤ ቆይተን እንመጣበታለን።

1. ትዕዛዙን ቁጭ ብላችሁ አንብቡ

ይህን የምለው ብዙ ሰው ውሳኔውን ሳያነብ ስለሚሮጥ ነው። ማሸነፉን ሰምቷል፣ ይበቃዋል። እናንተ ግን እስክሪብቶ ያዙና የመጨረሻውን ገጽ፣ «ውሳኔ» ወይም «ትዕዛዝ» ከሚለው ርዕስ በታች ያለውን አንብቡ። ማን ነው የታዘዘው? ምን እንዲያደርግ? እስከ መቼ? እነዚህን አስምሩባቸው።

ለምን ያስፈልጋል? የመሥሪያ ቤት የመጀመሪያ ማምለጫ እዚህ ስለሆነ ነው። ትዕዛዙ ለክፍለ ከተማው ተጽፎ እናንተ ወረዳ ከሄዳችሁ፣ ወረዳው «እኔን አላዘዘኝም» ቢል እውነቱን ነው። «ተገቢው እንዲፈጸም» የሚል ድፍን ያለ ትዕዛዝ ከሆነ ደግሞ ተገቢው ምን እንደሆነ የሚወስነው የቢሮው ሰው ይሆናል።

አንዲት እናት የውርስ ቤት ካርታ በወራሾች ስም እንዲዞር ተወስኖላቸው ስድስት ወር ተመላለሱ። መጨረሻ ላይ ወረቀቱን ጠረጴዛ ላይ ዘርግተን ስናየው የቤት ቁጥሩ ሁለት አኃዞች ተገላብጠዋል። ፋይሉ ላይ 214፣ ውሳኔው ላይ 241። ባለሙያው በስድስት ወር ውስጥ ይህን አንድ ቀን እንኳ አልነገራቸውም። «አይመሳከርም» ብቻ ነበር መልሱ።

እንዲህ ያለ የጽሕፈት ስህተት ወይም ግልጽ ያልሆነ ቃል ካገኛችሁ ከቢሮው ጋር አትከራከሩ። ትዕዛዙን ወደሰጠው ችሎት ተመልሳችሁ «ይታረምልኝ» ወይም «ይብራራልኝ» የሚል አጭር ማመልከቻ በዚያው መዝገብ ቁጥር አስገቡ። አዲስ ክስ አያስፈልገውም።

2. እግድ መኖር አለመኖሩን አረጋግጡ

«ይግባኝ ብለናል፣ ስለዚህ አንፈጽምም» የሚለውን መልስ በየቢሮው ትሰሙታላችሁ። ይግባኝ ማለት ብቻውን አፈጻጸምን አያቆምም። የሚያቆመው ይግባኝ የተባለበት ፍርድ ቤት የሚሰጠው እግድ ነው። ስለዚህ «የእግዱን ትዕዛዝ ያሳዩኝ» በሉ። ካሳዩዋችሁ ክርክሩ እዚያ ላይኛው ፍርድ ቤት ነው፤ እግዱ እንዲነሳ የምትጠይቁትም እዚያው ነው። ካላሳዩዋችሁ የተናገረውን ሰው ስም፣ ቀኑንና ሰዓቱን በደብተራችሁ ጻፉና ቀጥሉ።

3. ትዕዛዙን አድርሱ፣ መድረሱንም አስመዝግቡ

የዚህ ሁሉ ጉዳይ ልብ ይህ ነው። ቀስ እንበል።

ወረቀቱን ይዛችሁ ስትገቡ መጀመሪያ የሚቀናችሁ የኃላፊው ቢሮ ነው። አትሂዱ። መዝገብ ቤት ሂዱ። ሁለት ኮፒ ያዙ። አንዱን ስጡ፣ በሌላው ላይ «ገቢ» የሚለው ማህተም፣ የገቢ ቁጥር፣ ቀንና የተቀባዩ ፊርማ እንዲያርፍ አድርጉ። ማህተም ያረፈበት ኮፒ ከእናንተ እጅ አይወጣም። ከቢሮው ስትወጡ መጀመሪያ የምታደርጉት ነገር እሱን ፎቶ ማንሳት ነው።

እኔ ይህን የተማርኩት በራሴ ጥፋት ነው። ሥራ በጀመርኩ ሰሞን አንድ ትዕዛዝ ይዤ አንድ መሥሪያ ቤት ሄድኩ። የኃላፊው ጸሐፊ ጥሩ ሰው ነበረች። «ስብሰባ ላይ ናቸው፣ እኔ እሰጣቸዋለሁ» አለችኝ። አመስግኜ ወጣሁ። ከአርባ ቀን በኋላ ስመለስ ጸሐፊዋ ተቀይራለች፣ ወረቀቱ የለም፣ ያየኝም የሚያውቀኝም የለም። ችሎት ቀርቤ «ሰጥቻለሁ» ስል ዳኛዋ መነጽራቸውን ዝቅ አድርገው አዩኝና «መስጠትህን አልጠየቅኩም፤ ደርሷቸዋል ወይ?» አሉኝ። መልስ አልነበረኝም። ሁለት ወር ተቃጠለ።

መዝገብ ቤቱ አልቀበልም ካለስ? ያጋጥማል። «ሕግ ክፍል ይየው»፣ «ኃላፊው ይምሩበት»፣ «ሲስተም የለም» ይላሉ። ከሰው ጋር ሂዱ፤ የሚመሰክር አንድ ጎረቤት ወይም ዘመድ ይበቃል። እምቢ ያለው ሰው ማን እንደሆነ፣ ስንት ቁጥር ቢሮ፣ በስንት ሰዓት እንደሆነ ጻፉ። ከዚያ ወደ ችሎቱ ተመለሱና ትዕዛዙ በፍርድ ቤቱ መልእክተኛ ወይም በፖሊስ በኩል እንዲደርስ ጠይቁ። አልቀበልም ብሎ የመለሰውን ሰው መልእክተኛው በጽሑፍ ሲያረጋግጥበት ነገሩ ይቀየራል። አሁን እምቢ የተባለው ፍርድ ቤቱ ራሱ ነው።

የሰዓት ነገር፦ የመንግሥት ቢሮ ጠዋት ከ2፡30 እስከ 6፡30፣ ከሰዓት ከ7፡30 እስከ 11፡30 ነው። ዓርብ ጠዋት በ5፡30 ይዘጋል። ማክሰኞ ወይም ረቡዕ ጠዋት ሂዱ። ሰኞ ሁሉም ስብሰባ ነው፣ ዓርብ ደግሞ ሁሉም ሄዷል።

4. በጽሑፍ ጠይቁ፣ በጽሑፍ መልስ ፈልጉ

ትዕዛዙ የጊዜ ገደብ ካለው እሱን ጠብቁ። ከሌለው አሥር ወይም አሥራ አምስት ቀን ስጧቸው። ከዚያ ይህን ዓይነት ደብዳቤ አስገቡ፣ እንደተለመደው በመዝገብ ቤት በኩል፦

«ለ… ጽሕፈት ቤት። ጉዳዩ፦ በመዝገብ ቁጥር … የተሰጠውን የፍርድ ቤት ትዕዛዝ ስለመፈጸም። የ… ፍርድ ቤት በቀን … የሰጠው ትዕዛዝ በቀን …፣ በገቢ ቁጥር … ለጽሕፈት ቤታችሁ ደርሷል። እስከ ዛሬ አልተፈጸመም። እንዲፈጸምልኝ፣ የማይፈጸምበት ምክንያት ካለም በጽሑፍ እንዲገለጽልኝ እጠይቃለሁ።»

አለቀ። ስድብ የለም፣ ማስፈራሪያ የለም፣ «በሕግ እጠይቃችኋለሁ» የለም። ይህ ደብዳቤ ነገ ዳኛ ፊት የሚነበብ ነው። በጽሑፍ እምቢ ካሉ ምክንያታቸውን አወቃችሁ፤ ዝም ካሉ ዝምታቸው ቀን ተቆረጠለት። ሁለቱም ይጠቅሟችኋል።

5. የአፈጻጸም መዝገብ ክፈቱ

መሥሪያ ቤቱ ካልፈጸመ ቀጣዩ ማመልከቻ የአፈጻጸም ማመልከቻ ነው። የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 378 ምን ምን መያዝ እንዳለበት ይዘረዝራል። በተግባር የሚፈለገው ይህ ነው፦ የመዝገብ ቁጥር፣ የተከራካሪዎች ስም፣ የውሳኔው ቀን፣ ይግባኝ ተብሎ ከሆነ ውጤቱ፣ እስካሁን የተፈጸመ ነገር ካለ፣ እና ፍርድ ቤቱ በምን መንገድ እንዲያስፈጽምላችሁ እንደምትፈልጉ።

የመጨረሻዋ ነጥብ ላይ ሰው ይሰንፋል። «ይፈጸምልኝ» ብላችሁ አትተዉት። «ካርታው በስሜ እንዲዞር ለ… ጽሕፈት ቤት ኃላፊ ትዕዛዝ ይሰጥልኝ፤ እስከ … ቀን ፈጽሞ ውጤቱን ለፍርድ ቤቱ እንዲያሳውቅ ይታዘዝልኝ» በሉ። ዳኛው በቀን ብዙ መዝገብ ያያል። የምትፈልጉትን አዘጋጅታችሁ ስትሰጡት ሥራው ይቀልለታል።

ሁለት ነገር ልብ በሉ። አንደኛ፣ የአፈጻጸም ማመልከቻ የሚገባው ጉዳዩን መጀመሪያ ለወሰነው ፍርድ ቤት ነው። ይግባኝ ሰሚው ውሳኔውን አጽንቶት ቢሆን እንኳ። ስድስት ኪሎ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ድረስ ወጥተው «እዚህ ነው ያሸነፍኩት» የሚሉ ሰዎች ወደ ልደታ ይመለሳሉ። የአዲስ አበባ ከተማ ፍርድ ቤት የወሰነው ከሆነም ወደ ከተማው ፍርድ ቤት ነው። ሁለተኛ፣ ውሳኔ ካገኛችሁ አሥር ዓመት ካለፈ የአፈጻጸም ጥያቄው በይርጋ ይታገዳል። «ኋላ አስፈጽመዋለሁ» ብላችሁ ቁም ሣጥን ውስጥ አታስቀምጡት።

የተሰጣችሁ የመጨረሻ ፍርድ ሳይሆን እግድ ከሆነ፣ ለምሳሌ ቤቱ እንዳይፈርስ ወይም ለሌላ እንዳይተላለፍ፣ ይህን ደረጃ እርሱት። እግድ ሲጣስ የምትሄዱት እግዱን ወደሰጠው ችሎት፣ በዚያው መዝገብ፣ በዚያው ቀን ነው። ፎቶ አንሱ፣ ቀኑ የሚታይ ይሁን።

6. ስም ያለው ሰው እንዲቀርብ ጠይቁ

መሥሪያ ቤት አይታሰርም። ሰው ነው የሚታሰረው። አፈጻጸም ላይ ያለው ችሎት ብዙውን ጊዜ መጀመሪያ ለቢሮው ደብዳቤ ይጽፋል። መልስ ካልመጣ «ለምን እንዳልተፈጸመ ቀርቦ ያስረዳ» ይላል። የሚመጣው ግን የሕግ ክፍል ባለሙያ ይሆንና «አዲስ ነኝ፣ ጉዳዩን አላውቀውም፣ ተለዋጭ ቀጠሮ ይሰጠኝ» ይላል። ይህ ሦስትና አራት ጊዜ ሊደጋገም ይችላል።

ስለዚህ በሁለተኛው ቀጠሮ ላይ ኃላፊው በአካል እንዲቀርብ አመልክቱ። ሙሉ ስምና የሥራ መደብ ጻፉ። ስሙን ከየት ታመጣላችሁ? ከቢሮው በር ላይ ካለው ጽሑፍ፣ ከደብዳቤዎቹ ግርጌ ካለው ቲተር (የስም ማህተም)። ደብተሩ የሚጠቅመው እዚህ ነው። መጥሪያው ሲወጣ ለእሱ መድረሱም በፊርማ ይረጋገጥ። መጥሪያ ደርሶት ካልቀረበ ፖሊስ አስሮ እንዲያቀርበው ችሎቱ ሊያዝ ይችላል። ከልምድ የማውቀው፣ «ታስሮ ይቅረብ» የሚል ወረቀት ቢሮ ሲደርስ ለስድስት ወር የጠፋ ፋይል ከሰዓት በኋላ ይገኛል።

7. የቅጣት ጥያቄ፦ ችሎት መድፈር የቱ ነው?

እዚህ ጋ ብዙ መደባለቅ አለ። የወንጀል ሕጉ አንቀጽ 449 በዋናነት የሚናገረው በችሎት ሥራ መካከል ፍርድ ቤቱን ወይም ዳኛውን ስለሚሰድብ፣ ስለሚያላግጥ፣ ስለሚያስፈራራ፣ ስለሚያውክ ሰው ነው። ቅጣቱ እስከ አንድ ዓመት የሚደርስ ቀላል እስራት ወይም እስከ 3,000 ብር መቀጮ ነው፤ ፍርድ ቤቱም እዚያው ወዲያው ሊወስንበት ይችላል።

ቢሮው ውስጥ ተቀምጦ ትዕዛዝ ያልፈጸመ ኃላፊ ላይ ስታመለክቱ «ችሎት ደፍሯል» የሚለውን ቃል ብቻ ይዛችሁ አትቅረቡ። ድርጊቱን በቀን በቀኑ ዘርዝሩ፦ በዚህ ቀን ደረሰው፣ በዚህ ቀን ተጠየቀ፣ በዚህ ቀን ተጠርቶ ቀረ። የትኛው አንቀጽ እንደሚሠራ ችሎቱ ይወስን። የመንግሥት ሠራተኛ ሥልጣኑን ያላግባብ ሲገለገል ወይም ግዴታውን ሳይወጣ ሲቀር የሚጠየቅባቸው ሌሎች አንቀጾችም አሉ፤ የሙስና ወንጀሎች አዋጅ ቁጥር 881/2007 አንቀጽ 9ን እና የወንጀል ሕጉን አንቀጽ 420ን ተመልከቱ። በእነዚህ መንገድ የምትሄዱት ለፖሊስ ወይም ለዐቃቤ ሕግ አቤቱታ በማቅረብ ነው።

አንድ ማስጠንቀቂያ። አንቀጽ 449 ለእናንተም ነው። ለወራት የተበደለ ሰው ኃላፊውን ችሎት ውስጥ ሲያየው ደሙ ይፈላል። ይጮኻል፣ ጣት ይቀስራል። እዚያች ደቂቃ ላይ ከሳሹ ጥፋተኛ ይሆናል። ስልካችሁን አጥፉ፣ ሲፈቀድላችሁ ተነሱ፣ ለዳኛው ብቻ ተናገሩ። ያለ ፈቃድ ድምፅም ምስልም አትቅረጹ።

8. ጎን ለጎን

ለበላይ ኃላፊው በግልባጭ ማሳወቅ አይጎዳም። የኢትዮጵያ ሕዝብ እንባ ጠባቂ ተቋም የአስተዳደር በደል አቤቱታ ይቀበላል፤ በፍርድ ቤት ተይዞ ያለ ጉዳይ ግን አይመረምርም። የአፈጻጸም መዝገብ ከፍታችሁ ከሆነ ይህን ከመሄዳችሁ በፊት አስቡበት።

«አውቅልሃለሁ፣ ውስጥ ሰው አለኝ» የሚል ጉዳይ ገዳይ ፍርድ ቤቱም ቢሮውም ደጃፍ ላይ ታገኛላችሁ። ገንዘባችሁን ከመውሰዱ በላይ ዋናውን ሰነዳችሁን ይዞ ይጠፋል። ማመልከቻ የሚጽፍላችሁ ራፖር ጸሐፊ ሌላ ነገር ነው፤ ለጻፈው ትከፍሉታላችሁ፣ ወረቀታችሁን ይዛችሁ ትሄዳላችሁ።

የታሰረ ሰው ከሆነ

ዋስትና ተፈቅዶ፣ ገንዘቡ ተይዞ፣ ፖሊስ ጣቢያው «አልለቅም» ካለ እንዲህ አድርጉ።

ሀ. የዋስትናውን ደረሰኝና የመፍቻ ትዕዛዙን ኮፒ ያዙ። ዋናውን ለጣቢያው አስረክባችሁ ኮፒው ላይ የተቀባዩን ስም፣ ማዕረግና ሰዓት አስጽፉ። ሰዓቱን አትርሱ።

ለ. «ከበላይ ትዕዛዝ እየጠበቅን ነው» ካሉ ከጣቢያው በር ላይ አትቀመጡ። በዚያው ቀን ዋስትናውን ወደፈቀደው ችሎት ተመለሱ፤ አራዳ ምድብ ከሆነ አራዳ፣ ልደታ ከሆነ ልደታ። የጣቢያው ኃላፊ ታሳሪውን ይዞ ቀርቦ እንዲያስረዳ አመልክቱ። ዓርብ ከሰዓት ከሆነ ሩጡ። ዓርብ ያልተፈታ ሰው ሰኞን እዚያው ያያል።

ሐ. ይግባኝ ተብሏል ካሉ እግዱን ጠይቁ። ደረጃ 2 ላይ ያልነው እዚህም ይሠራል።

መ. «በሌላ ጉዳይ ነው የያዝነው» ካሉ ያ ሌላው ጉዳይ የራሱ ሰዓት አለው። በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 19(3) የተያዘ ሰው በ48 ሰዓት ውስጥ ፍርድ ቤት መቅረብ አለበት። ወደ ፍርድ ቤት ለመምጣት የሚፈጀው ጊዜ በዚህ አይቆጠርም፤ መሃል አዲስ አበባ ላይ ግን ይህ ሰበብ ሊሆን አይችልም።

ሠ. ይህ ሁሉ ካልሠራ አካልን ነፃ የማውጣት አቤቱታ አለ፤ በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ ከአንቀጽ 177 እስከ 179። ከቃለ መሐላ ጋር ይቀርባል። ሰውየው በማን እጅ እንዳለ፣ የት እንዳለ፣ እንዴት እንደተያዘና የሚያውቁ ምስክሮችን ስም ትጽፋላችሁ። ፍርድ ቤቱ ያሰረውን አካል ታሳሪውን ይዞ ቀርቦ ምክንያቱን እንዲያስረዳ ይጠራዋል። «ጣቢያው አልለቅም ብሏል» ብሎ መጻፍ አይበቃም፤ የጣቢያውን ኃላፊ ስም ጻፉ። ጎን ለጎን ለኢትዮጵያ ሰብአዊ መብቶች ኮሚሽን አሳውቁ።

ፍርድ ቤቶች በክረምት እረፍት ላይ ሲሆኑም ለእንዲህ ዓይነት አስቸኳይ ነገር ተረኛ ችሎት ይኖራል። «ዝግ ነው» ብሎ የሚመልሳችሁን ዘበኛ አትመኑ፤ ተረኛውን ጠይቁ።

ሰው ደጋግሞ የሚሳሳትባቸው

ዋናውን ውሳኔ ቢሮ ትቶ መምጣት። ይሄ ከሁሉም ይከፋል።

በቃል የተነገረን ነገር በቃል ይዞ ችሎት መቅረብ። «እሳቸው አሉኝ» ማለት ማንም ምንም አላለም ማለት ነው።

ቀጠሮ መቅረት። ቢሮው ሲቀር ይጠበቃል፤ እናንተ ስትቀሩ መዝገቡ ይዘጋል። ቀጠሮ ሰምታችሁ ስትወጡ ከችሎት ጸሐፊው ጋር ቀኑን አረጋግጡ፤ «ለ12» እና «ለ22» በጆሮ ይምታታሉ።

ግማሽ ሲፈጸም ደስ ብሎ መዝገቡን ማዘጋት። ካርታው ዞረ፣ ቁልፉ ግን አልተሰጠም፤ ወይም ወደ ሥራ መለሷችሁ፣ ውዝፍ ደመወዙ ግን የለም። «ቀሪው በቅርቡ» ሲሏችሁ እሺ በሉ፣ መዝገቡ ግን ክፍት ይቆይ። ሁሉም ተፈጽሞ ሲያልቅ ርክክቡን በጽሑፍ አድርጉ፣ ሁለታችሁም ፈርሙበት፣ አንዱን ኮፒ ከመዝገቡ ጋር እንዲያያዝ ስጡ። ገቢ ማህተም ያለበትን ክላሰርም አትጣሉት። እኚያ የውርስ ቤት ካርታ የዞረላቸው እናት ክላሰሩን አሁንም አልጋቸው ሥር ነው የሚያስቀምጡት፤ ባለፈው ዓመት ቢሮው ፋይሉን አጥቶት ከእሳቸው ኮፒ አድርጎ ወስዷል።